ደሴ በጀልባዋ ግድግዳ ላይ የጻፈው

ከፋለ ደግሰው ፍላቂት አይሄድም። የገነተ ማርያም ሰው ይህን ያውቅ ነበር፤ ምክንያቱን ግን ማንም አያውቅም። የወፍጮው ቺንጋ ሲበጠስበት ፍላቂት ገበያ ላይ እያለለት፣ ጋሸና ላይ መኪና ቀይሮ ወልድያ ድረስ ይወርዳል። «ቅርቡን ትተህ?» ሲሉት «የወልድያው ይጠነክራል» ይላል። ደግሞም የቄስ ልጅ ሆኖ ከቤተ ክርስቲያኑ ውስጥ አይገባም። ውጭ፣ ከዓለት ከተፈለፈሉት ዐምዶች ሥር ቆሞ አስቀድሶ ይመለሳል። አባቱ ቄስ ደግሰው ይህ እንደ እሾህ እንደወጋቸው ሞቱ። «የሰው ደም ቢኖርበት ነው» የሚሉም አልጠፉ።

ከፋለ የባሕር ኃይል ሞተረኛ ነበር። በአሥራ ዘጠኝ ዓመቱ ከዜማ ቤት ኮብልሎ ወታደር ገባና፣ ወንዝ እንጂ ባሕር አይቶ የማያውቀው የላስታ ልጅ ምጽዋ ላይ ተገኘ። የተመደበባት ቶርፔዶ ጣይ ጀልባ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት የተረፈች፣ ከአገር አገር ስትሸጥ የኖረች አሮጊት ነበረች። ሆኖም ሞተሯ ሲነሣ ውሃውን ሰንጥቃ ትበር ነበር። ከፋለ ይህን በረራ በጆሮው እንጂ በዓይኑ አያውቀውም። የሱ ቦታ ከታች፣ ከሞተሮቹ መካከል ነው። ውጊያ ሲሆን የብረቱ ክዳን ከላይ ይዘጋና፣ ጩኸት፣ ሙቀትና የነዳጅ ሽታ ብቻ ይቀራል።

አብሮት የሚሠራው ደሴ አዳም የሚባል የፍላቂት ልጅ ነበር። ትከሻው ሰፊ፣ ሣቁ ከሞተሩ በላይ የሚሰማ። አገራቸው አንድ ነውና ሰዉ «ወንድማማቾቹ» ይላቸዋል።

የካቲት 1982 ጦርነቱ ወደቡ ላይ ደረሰ፤ ጀልባዋም እንደታሰረች ተመታች። መብራት ጠፋ። ክዳኑ ተጣሞ አልከፈት አለ። ሁለቱ በመዶሻ እየተቀባበሉ ደበደቡት፤ ከላይ የሚሰማ አልነበረም። ያላቸው አንድ የእጅ ባትሪ ነበር። ሰዓቱ እየገፋ ሲሄድ ጭሱ እየወፈረ፣ ትንፋሻቸው እያጠረ መጣ።

«በአየር ቱቦው ውጣ» አለ ደሴ። «ለኔ ትከሻ አይሆንም። አንተን ግን ያሳልፍሃል።»

«አንተስ?»

«ዲጂኖ ይዘህ ትመጣና ትከፍትልኛለህ። ባትሪዋን ተውልኝ።»

ከፋለ ቆዳው እየተላጠ በቱቦው ወጣ። ጀልባዋ ላይ ሰው የሚባል አልነበረም። ዲጂኖም አላየም፤ እሳት ብቻ ነው ያየው። በአጠገቡ ሌላ ጀልባ ወደ ባሕሩ ስትወጣ ሲያይ ዘሎ ውሃው ውስጥ ገባ፣ ዋኘ፣ ጎትተው አወጡት።

«ሌላ ሰው አለ?» ብሎ ጠየቀው አንዱ መርከበኛ።

ከፋለ የሚነደውን ወደብ አየ። አለ ቢል ይመለሳሉ። ቢመለሱ እሱም አብሮ ይመለሳል።

«የለም» አለ።

በቀጣዩ ዓመት ግንቦት መንግሥት ሲወድቅ የቀሩት መርከቦች ባሕሩን ተሻግረው የመን ገቡ፤ እሱም ከነሱ ጋር። ካምፕ ቆይቶ በ84 አገሩ ተመለሰ። ሞተር አዋቂ ነውና የናፍጣ ወፍጮ ቤት ተቀጠረ፤ ባንቺዓለምን አገባ። የተማረኩት የባሕር ኃይል ልጆች አንድ በአንድ ወደየቤታቸው ሲመለሱ ደሴ ከመካከላቸው አለመኖሩን ሰማ። ከዚያ ወዲህ የሰው ወሬ እንኳ ወደ ፍላቂት ሲያዘነብል ተነሥቶ ይሄዳል።

በ1997 ጥቅምት ላይ ሰሎሞን የሚባል የላሊበላ አስጎብኚ ፀጉሯ የነጣ አንዲት ፈረንጅ ይዞ ወፍጮ ቤቱ ደጅ ደረሰ። ፊቱ እንደ ምሥራች ነጋሪ ይበራል።

«ጋሼ ከፋለ፣ ሞተሩን ያጥፉትማ! እኚህ ሴትዮ ባሕር ማዶ የመርከብ ሙዚየም ኃላፊ ናቸው። የርስዎን ጀልባ አግኝተዋታል!»

ጀልባዋ ወደቡ ላይ ለዓመታት ዝጋ ቆይታ፣ ለቁራጭ ብረት ስትሸጥ ሙዚየሙ ገዝቷት ነበር። ከውስጧ የወጣውን አጽም የወደቡ ሰዎች ማንነቱን ሳያውቁ አስቀድመው ቀብረውታል። ሴትዮዋ ፎቶግራፎቹን በእህል ጆንያ ላይ ዘረጋች። ጀልባዋ እንደ ሙሽራ ተቀብታ ቆማለች። ትኬት የቆረጡ ሰዎች እየሣቁ በመሰላል ወደ ሞተሩ ክፍል ይወርዳሉ። ታች አምፖል በርቷል።

«ክዳኑን አቃንተውታል» አለ ሰሎሞን። «አሁን በአንድ እጅ ይከፈታል ይላሉ።»

ከፋለ ጆንያውን ያዝ አደረገ።

የመጨረሻው ፎቶግራፍ የብረት ግድግዳ ነበር። የእሳቱን ጥላሸት ሲፍቁ በካቻቢቴ የተጫረ ፊደል አግኝተዋል። ያነበበችላቸው አንዲት ሐበሻ ናት ላሊበላን የጠቆመቻቸው። ሰሎሞን እህል ለማስፈጨት የተሰለፈው ሁሉ እንዲሰማ ድምፁን ከፍ አድርጎ አነበበው።

«ደሴ አዳም ከፍላቂት፣ ከፋለ ደግሰው ከገነተ ማርያም ላስታ፣ እዚህ ተዘግቶብናል። ከፋለ በቱቦው ወጥቷል፣ ተመስገን። ይመጣል። ካልመጣም ሞቶ ነው እንጂ ጨክኖ አይደለም። ለናቴ እንዲህ በሏት።»

ሴቶቹ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አደረጉ። «እንዲህ ያለ ወዳጅ!» አሉ። «ለካ ይህን ኀዘን ይዞ ነው!» አለ አንዱ ሽማግሌ፤ ያ የደም ወሬም በዚያች ቅጽበት ከገነተ ማርያም ጠፋ።

«ከወጡ በኋላ ምን ገጠመዎት? ይላሉ» አለ ሰሎሞን።

«ባሕር ገባሁ» አለ ከፋለ። የቀረውን ሰዉ ራሱ ሞላለት፤ ቆስሎ ነው፣ ራሱን ስቶ ነው። ሴትዮዋ ጽሑፉን መስታወት እንደሚያለብሱት፣ ተርጉመው ከሥሩ እንደሚለጥፉት፣ የሱንም ፎቶ ከጎኑ ለመስቀል እንደሚፈልጉ ተናገረች።

«የኔ ይቅር» አለ።

ትሕትና መሰላቸው።

ያን ዕለት ለሚስቱ ሁሉንም ነገራት። ባንቺዓለም ሴትዮዋ የተወችለትን ፎቶግራፍ ወደ ኩራዙ አስጠግታ አየችው።

«ይህ ላንተ የተጻፈ አይደለም» አለች በመጨረሻ። «ለናቱ ነው። አድርስ።»

ፍላቂት በገበያ ቀን ደረሰ። የአዳምን ቤት ሲጠይቅ ወደ ገብስ ተራ ጠቆሙት። ገብስ የምትሸጥ ጎልማሳ ሴት ቀና ብላ አየችው።

«ማንን ፈልገው ነው? የአዳም ልጅ እኔ ነኝ፣ አስቻለች።»

የደሴ እኅት ነበረች። ማንነቱን ነገራትና ከግንብ ጥግ ተቀምጠው ጽሑፉን አነበበላት። ድገመው አለችው፤ ደገመው። ከዚያ «የለም» ማለቱን ሳይቀንስ ሳይጨምር ነገራት።

አስቻለች ፊቷን ወደ ገበያው አዞረች።

«ካንተ በኋላ ስንት ሰዓት ቆየ?»

«አላውቅም፣ እቴ። ፊደሉ ግን የተረጋጋ ነው። ብዙ ጊዜ ወስዶበታል።»

«ጨክነህ ነው?»

«ፈርቼ ነው።»

ከገብሱ አንድ እፍኝ አንሥታ መልሳ አፈሰሰችው።

«እናቴ አሥራ አምስት ዓመት ተዝካሩን አላወጣችም፤ ይመጣል እያለች። አሁን ቁርጧን ታውቃለች። ይህን ታነብላታለህ፣ ያንን ግን አትነግራትም።»

«ልንገራቸውና ይርገሙኝ። እንዲያ ይሻለኛል።»

«ላንተ ይሻልሃል። ወንድሜ ጨክኖ አይደለም ብሎ ጽፏል። እሱ የጻፈውን አንተ አትሰርዘውም።»

እናቲቱ፣ እማሆይ ትሁን የሚባሉት፣ ከደጃቸው ተቀምጠው ነበር። ሲነበብላቸው በመጀመሪያ አላለቀሱም። አሰቡና እንዲህ አሉ፦

«ካልመጣ ሞቶ ነው ይላል ልጄ። አንተ ግን አለህ። ምን አግኝቶህ ነው ያልመጣኸው?»

ከፋለ አፉን ሲከፍት አስቻለች ቀደመችው።

«ቆስሎ ራሱን ስቶ ነበር፣ እማሆይ። ሲነቃ ባሕር ላይ ነበር።»

እማሆይ ተነሥተው ራሱን ይዘው ግንባሩን ሳሙት። ያን ጊዜ ነው እንባቸው የወረደው፣ በሱ ፊት ላይ።

ተዝካሩ በጥር ወጣ። ከፋለን ከዘመድ መሐል፣ ከካህናቱ አጠገብ አስቀመጡት። «የደሴ ወንድም» እያሉ ጠላ ቀዱለት፣ ቁራሹን መርጠው ሰጡት። በየዓመቱም ለመታሰቢያው ይጠራል፤ ካልሄደ እማሆይ መልክተኛ ይልካሉ። ከባሕር ማዶም ደብዳቤ መጣ፤ ሰዎች ከጽሑፉ ፊት ቆመው ያለቅሳሉ ይላል።

እማሆይ ትሁን በ2001 አረፉ። ከቀብር መልስ ሰዉ ወደ ድንኳኑ ሲገባ ከፋለ ወደ አስቻለች ጠጋ አለ።

«አሁንስ? አሁን እውነቱን ብናገር ማን ይጎዳል?»

አስቻለች መቀነቷን ስታጠብቅ ቆየች።

«አሁንማ እኔ አለሁ» አለች። «ና፣ ሰዉ ቦታህን ይዞ እየጠበቀህ ነው።»