የማበጠሪያው ማቆሚያ

አጎቴ የብርድ ልብስ ፋብሪካው መካኒክ ነበር። ሃያ ስድስት ዓመት ሠርቷል፤ ፋብሪካው ሲዘጋ የመጨረሻውን ማሽን ያጠፋውም እሱ ነው። ከዚያ ወዲያ ሕንፃው የእርግብ መኖሪያ ሆኖ ዓመታት ቆየ። ዘንድሮ ግድግዳው ተለስኖ፣ የረገፈው መስታወት ተተክቶ፣ ቤተ መጻሕፍት ሊሆን ነው ተባለ። ሽመና ክፍሉ የንባብ አዳራሽ፣ ማቅለሚያው ደግሞ የሕፃናት ክፍል። ማሽኖቹ ተነቃቅለው ሄደዋል፤ የቀረው የሱፍ ማበጠሪያው ብቻ ነው። እሱ ለመታሰቢያ በሩ አጠገብ እንዲቆም ተወሰነና ዝገቱን የሚያጸዳ ሰው ሲፈለግ አጎቴን ጠሩት።

ደስ ይለዋል ብለን ነበር። ከተጠራበት ቀን ጀምሮ ግን እህል አልወርድለት አለ።

"ማሽን አጽዳ አሉህ እንጂ ከአማትህ ጋር ኑር አላሉህ" አለችው እናቴ፣ ታናሽ እህቱ። አልሳቀም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ማበጠሪያው ሆዱ ውስጥ ጥርሳም በርሜል ይሽከረከራል። ክዳኑ ሲከፈት በርሜሉን ቀጥ የሚያደርግ ማቆሚያ አለው። ማቆሚያው አርጅቶ ክዳኑ ሳይከፈትም ማሽኑን በየሩብ ሰዓቱ ያቆም ጀመር። የፈረቃው አለቃ ምርት ወረደ ብሎ ቁም ስቅሉን ሲያሳየው፣ አጎቴ መለዋወጫ እስኪመጣ ብሎ ማቆሚያውን በሽቦ ጠፈረው። መለዋወጫው በአራት ወሩም አልመጣም። ቀኑን ሙሉ ስለምታወራ ሬዲዮ የሚሏት ሠራተኛ ወደዚያ ማሽን ከተዛወረች በሦስተኛ ቀኗ ሱፉ ተወተፈባት። ክዳኑን ከፈተች፤ ይቆማል ብላ እጇን ሰደደች። ሦስት ጣት።

መርማሪዎቹ ከመድረሳቸው በፊት አጎቴ ሽቦውን በፒንሳ ቆረጠ። የሽቦው ምልክት ግን ቀርቶ ነበር። "ሥራ ለማፋጠን ራሷ አስራው ነው" ተብሎ ተጻፈ፤ ሴትዮዋ ተባረረች። የሚያውቁትም ለሥራቸው ፈርተው አፋቸውን ያዙ። አጎቴ ሲጠየቅ የተናገረው አንድ ቃል ነው፦ "አላየሁም።"

ማሽኑን አጽድቶ ቀለም በሚቀባበት ሳምንት የቤተ መጻሕፍቱ ኃላፊ፣ ወጣት ሴት፣ አጠገቡ የሚሰቀለውን ጽሑፍ አምጥታ ሰጠችው።

"ጋሼ፣ ስህተት ካለው ያርሙልኝ።"

ከድሮው ፋይል የተገለበጠ ነው። "አንዲት ሠራተኛ ማቆሚያውን ራሷ በማሰሯ ጣቶቿን አጥታለች" ይላል። ሁለቴ አነበበው።

"ጥሩ ነው" አላት።

ቤት ገብቶ ሁሉንም ለእናቴ የነገራት ያን ዕለት ነው። እናቴም፣ "ለምርቃቱ የድሮ ሠራተኞች በሙሉ ተጠርተዋል። እሷም መጥታ ታነበዋለች" አለችው።

በማግስቱ ጠዋት ቤቷ ሄደ።

"መካኒኩ፣ ምን እግር ጣለህ? እዚህ ቤት ከኔ በቀር የተበላሸ ነገር የለም" አለችው ሬዲዮ በሩን ከፍታ።

"ያሰርኩት እኔ ነኝ" አላት እንደቆመ።

"ምኑን?"

"ማቆሚያውን። ማሽኑ አጠገብ የሚሰቀለው ጽሑፍም ዛሬም ራሷ አሰረችው ይላል።"

"ልጄ 'እማ፣ ለምን አሰርሽው?' ስትለኝ አላሰርኩም እላት ነበር" አለች በሩን እንደያዘች። "ሁሉም አስረሻል ሲለኝ ምናልባት አስሬው ይሆናል ማለት ጀመርኩ። የገዛ እጄን አላምነውም ነበር፣ አንተ።"

"ይቅር በ..."

"ቆይ። እሱን አታስቸኩለኝ። መጀመሪያ እዚያው እኔ የተጻፍኩበት ላይ ጻፈው።"

ኃላፊዋ ስትሰማ ደነገጠች። "ጋሼ፣ ምርቃቱ እኮ ነገ ነው። እርስዎም በስተርጅና መዋረድ የለብዎትም። ዓረፍተ ነገሩን ዝም ብለን እናውጣው?"

አጎቴ ይህን ሲሰማ ልቡ ቅልል እንዳለው ለእናቴ አልደበቃትም። እሺ ሊል ምንም አልቀረውም ነበር። ከዚያ ወረቀቱን ተቀብሎ ራሱ ጻፈው፦ "ማቆሚያውን ያሰረው መካኒኩ ነው። ሠራተኛዋ አታውቅም ነበር። ተጠይቆ ዋሽቷል።"

በምርቃቱ ዕለት ማሽኑ አጠገብ ቆመ። እያነበቡ ቀና ብለው ያዩታል፤ የድሮ ባልደረቦቹ ሰላም ሳይሉት አለፉ። ሬዲዮ ከልጇ ጋር መጣች።

"ድምፅሽን ከፍ አድርገሽ አንብቢው" አለቻት።

ልጅቷ አነበበች። 'አታውቅም ነበር' የሚለው ላይ ስትደርስ ዞራ እናቷን አየች።

"ድገሚው" አለች እናትየው።

ደገመችው። ከዚያ ተያይዘው ወደ ንባብ አዳራሹ ገቡ። ሬዲዮ አጎቴን ይቅር አላለችውም፤ እሱም ዳግመኛ አልጠየቃትም።