ሞላሌ ላይ የሞትኩ ጊዜ

አባቴ መሪጌታ ነበሩ። ከቤተ ክርስቲያኑ ሥር፣ በግቢያችን ባለችው ጎጆ ለወንዶች ልጆች ዜማ ያስተምሩ ነበር። ሴት ልጅ ዜማ አትማርምና እኔ ከአጥሩ ውጭ ኩበት እለቅማለሁ፤ ኩበቱ ሰበብ ነው እንጂ ጆሮዬ ጎጆዋ ውስጥ ነው። የመንዝ ጉም ሲወርድ ጎጆዋ ትጠፋና ድምፃቸው ብቻ ይቀራል። ዛሬም በሕልሜ ሰው አይታየኝም፤ ጉሙና የአባቴ ድምፅ ነው።

አድጌ አዲስ አበባ ገባሁና ዘፋኝ ሆንኩ። ግጥሙንም ዜማውንም የማወጣው ራሴ ነበርኩ፤ በዚህስ አልታማም። የመጀመሪያው ዘፈኔ በራዲዮ ሲሰማ አባቴ፣ አዝማሪ ልጅ የለችኝም፣ ደጄንም እንዳትረግጥ ብለው ላኩብኝ። ያንገበገበኝ አዝማሪ መባሌ አልነበረም። ዘፈኑ ለሳቸው ያወጣሁት ነበር፦

ጉሙ ወርዶ ወርዶ ሸፈነው መንገዴን፣
ማን ይነግርልኛል ላባቴ መውደዴን።

አገር ምድሩ ሲያንጎራጉረው እኔ የምመኘው እሳቸው አንድ ቀን እንዲሰሙኝ ብቻ ነበር። ከአገር ቤት የሚመጡ ሰዎች ግን፣ ሞላሌ ጠጅ ቤት ዘፈንሽ ሲከፈት መንገድ ቀይረው ይሄዳሉ ይሉኝ ነበር።

ከዚያ ፊልም መጣ። በሠርጓ ማግስት የምትሞት ሙሽራ ታሪክ ነው፤ ዘፈኖቹን ደረስኩ፣ ሙሽራዋንም ሆኜ ሠራሁ። ሬሳ ሆኜ ስጋደም ሳቄ እያመለጠኝ ሞቴን ስንደጋግመው ዋልን። መጨረሻ ላይ ነጩ ነጠላ ፊቴ ላይ ሲወርድ የአገሬ ጉም ትዝ አለኝና ጸጥ አልኩ። አሁን ገና በደንብ ሞትሽ አሉኝ ፊልም አንሺዎቹ።

ወራት አልፈው አንድ ጧት አውቶቡስ ተራ አጠገብ አንድ የአገሬን በግ ነጋዴ አየሁ። ልስመው ስጠጋ አማትቦ ወደ ኋላው አፈገፈገ፤ እጅሽን ካልዳሰስኩ አላምንም አለ። ለካ የሲኒማ መኪና ሞላሌ ገበያ ላይ ነጭ አንሶላ ዘርግታ ፊልሙን አሳይታለች። ሲኒማ አይቶ የማያውቅ አገሬ እኔን ተገንዤ፣ ተቀብሬ በዓይኑ አየ። ዓይኑ ያየውን ማን ያስተባብለው? በማግስቱ ጎህ ሲቀድ ለአባቴ መርዶዬን ነገሯቸው። ለቅሶ ከተቀመጡ ሰንብተዋል አለኝ። በመጀመሪያ ሳቅሁ፣ ከዚያ ሳልውል ሳላድር ለመሄድ ተነሣሁ። ለሙት ልጃቸው አልቅሰዋል፤ በሕይወት ስመጣስ ያስገቡኝ ይሆን?

እስከ ሞላሌ በአውቶቡስ፣ ከዚያ ወዲያ በበቅሎ ተጓዝኩ። ስደርስ ሁሉን ጉም ውጦታል። ደጃችን ላይ ለቀስተኛው ክብ ሠርቶ ቆሟል፤ አስከሬን ስለሌለ መሐል ላይ የልጅነት ቀሚሴን በዘንግ ሰቅለውታል። ከአጥሩ ውጭ ቆምኩ፣ እንደ ድሮዬ። በጉሙ ውስጥ አንድ ድምፅ ብቻውን ይፈሳል። የአባቴ ነው። ዘፈኔን ቃል በቃል ይዘውታል፤ ተደብቀው ሲሰሙ ነው የኖሩት። እንደ ቤተ ክርስቲያን ዜማ እያረዘሙ መጡና ሁለተኛው ስንኝ ላይ አንድ ቃል ለወጡ፦

ማን ይነግርልኛል ለልጄ መውደዴን።

እሪ ብዬ አለቀስኩ። ሰዉ ዞሮ ሲያየኝ ገሚሱ በስመ አብ እያለ ሸሸ። አባቴ ብቻ መቋሚያቸውን ይዘው ወደ አጥሩ መጡ። ጉንጬን ዳሰሱት፤ ትኩስ ነው። ይቅርታ የሚወጣቸው ሰው አልነበሩም፤ ያን ዕለትም አልወጣቸውም።

«ሁለተኛውን ስንኝ ቸኩለሽበታል» አሉኝ። «ነይ ግቢ፣ ላሳይሽ።»

ቀሚሴን ከዘንጉ አወረዱና ጎጆዋ ውስጥ ተማሪዎቻቸው የሚቀመጡበት ቦታ ላይ አስቀመጡኝ።