ዳክዬዎቼ የታመሙበት ክረምት

ባለፈው ቅዳሜ ኃይሌ ጋርመንት ታክሲ ልይዝ ተሰልፌ ሳለ፣ ከፊቴ የቆመች ሴት በካርቶን ዳክዬ ይዛ ነበር። ዳክዬዋ ላባዋ ቆሞ የክንፏን ሥር በምንቃሯ ትነጫለች። ባለቤቲቱን ሳላስፈቅድ ክንፏን ገለጥ አድርጌ አየሁና "ቅማል ነው" አልኳት። ሰልፈኛው ሳቀ። እኔ ግን የአሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ክረምት ድቅን አለብኝ።

ያን ዓመት የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ፈተና ወድቄ ሀና ማርያም እቤት ተቀምጫለሁ። አጎቴ "መዋያ ይሁኑሽ" ብሎ ከቢሾፍቱ አራት ዳክዬ አመጣልኝ። አባቴ ጾመኛ የመንግሥት ሠራተኛ ነበር፤ ሥጋው የማይበላ ነገር ግቢው መግባቱን አልወደደውም። ዳክዬ ውሃ ትወዳለች ስለተባልኩ ግቢው መሃል ጉድጓድ ቆፍሬ የዝናብ ውሃ አጠራቀምኩላቸው። በዚያ ጉድጓድ እንዴት እኮራ ነበር!

ሐምሌ ሲጋመስ ከሱ። ዓይናቸው ተጣበቀ፤ ኩሳቸው ውስጥ ነጫጭ ትል፣ ክንፋቸው ሥር ቅማል አየሁ። የፍልሰታ ጾም በተያዘ ዕለት አንዷ ክንፏን ዘርግታ ሞታ ተገኘች። አባቴ ከቤተ ክርስቲያን ሲመለስ አያት።

"ጾሙ ሳይፈታ ከግቢዬ ይውጡ" አለኝ። "ጀምሮ መተው ልማድሽ ነው። ፈተናውም እንዲሁ ነበር።"

ይህቺ የመጨረሻዋ አንገበገበችኝ። ጭቃውን እየረገጥኩ ፉሪ፣ ወተት የሚያመላልሱልን አዴ ጫልቱ የሚባሉ ሴት ገበሬ ዘንድ ሄድኩ። በቆሎ እሸት እየጠበሱ አገኘኋቸው፤ አንዱን ከነትኩሱ ሰጡኝና ነገሬን ሰሙ።

"እኔ የማውቀው ዶሮ ነው" አሉ። "ለመሆኑ የሚጠጡት የት ነው?"

"ጉድጓዱ ውስጥ።"

"ኩሳቸውንስ የት ነው የሚጥሉት?"

"እዚያው።"

"እንግዲያማ ትሉን የምታጠጪያቸው አንቺ ነሻ፣ ልጄ!"

ነጭ ሽንኩርትና የዱባ ፍሬ ወቅጬ ከፉርሽካ ጋር እንዳበላቸው፣ ለቅማሉም ማደሪያቸው ላይ አመድ እንድነሰንስ ነገሩኝ። ስወጣ ግን ከኋላዬ ጮክ ብለው "ሽንኩርቱ ብቻውን አያድንም፤ ጉድጓዱን ድፈኚ!" አሉ።

ደፈንኩት። አፈሩ ውሃ ጠጥቶ እንደ ሊጥ አካፋው ላይ ይጣበቃል። ውሃ እንዳይተኛ ቦይ ቀደድኩ፤ እርጥቡን ጉዝጓዝ ጠርጌ አወጣሁ፤ ማደሪያ ሳጥናቸውን በፈላ ውሃ ለቅልቄ አመድ ነሰነስኩበት፤ ሽንኩርቱንም አበላኋቸው። ከጣሪያ የሚወርደውን ዝናብ በሳፋ እየያዝኩ፣ አንገታቸውን ደፍቀው እንዲታጠቡ፣ ጠዋትና ማታ ቀየርኩላቸው። መዳፌ ውሃ ቋጠረ። ዝናቡ ቦዩን ሲደረምሰው እንደገና ቆፈርኩ። እናቴ "ተይው፣ ብርድ ይመታሻል" ብትለኝም አልሰማኋትም።

በሁለተኛው ሳምንት ትሉም ቅማሉም ጠፋ፤ ዓይናቸው በራ። ጾሙ በሚፈታበት ዋዜማ አባቴ ነጠላውን እንዳጣፋ መጥቶ ቦዩ አጠገብ ቆመ። ሦስቱ ሳፋው ላይ ውሃ ይረጫሉ። አስወጪያቸው የሚለኝ መስሎኝ አካፋዬን ጨበጥኩ።

"እስከ መንገዱ አድርሺው እንጂ" አለ ቦዩን እያየ። "ጎረቤት ላይ ልትለቂው ነው?"

ይህን ብሎ ወደ ቤት ገባ። ሳይጨልም ቦዩን መንገድ አደረስኩት። መስከረም ሲጠባ ለፈተናው እንደገና ተመዘገብኩ።

ስለ ሽንኩርቱ ዛሬም እርግጠኛ አይደለሁም፤ አመዱ ይሁን ንጹሁ ውሃ ያዳናቸው፣ ማን ያውቃል? ለሞተችው እስካሁን ይቆጨኛል። ግን አዴ ጫልቱ ጥፋቱ የኔ መሆኑን ሲነግሩኝ፣ ማፈር ሲገባኝ ቀለል ነው ያለኝ። ዕድሌ ቢሆን ኖሮ ምን አደርገው ነበር? የእጄ ሥራ ከሆነ ግን፣ እጄ ያርመዋል።