በጨው የታሰረ ድምፅ

የባኖሪ ሰው ሲታመም ወደ ሐኪም የሚወርደው በሰው ትከሻ ነው። መንደሩ ተራራው ላይ ነው፤ መኪና የሚደርሰው ደግሞ እኔ ሻይ ከምሸጥበት ከተራራው ግርጌ ድረስ ብቻ። የሞሂ ራም ሚስት ምጥ በያዛት ጊዜም ጎረቤቶቿ በቃሬዛ እየተቀባበሉ ያን ጭቃ ቁልቁለት አወረዷት። ደጄ ስትደርስ ግን ሕይወቷ አልፎ ነበር። ሞሂ ራም ከዚያ ወዲህ መንግሥትን በረገመ ቁጥር ጎረቤቱን ይመርቅ ነበር። «መንገድ ቢኖር አትሞትም ነበር። ጎረቤት ባይኖር ደግሞ ከደጇም አትወጣም ነበር» ይላል።

ዝንጅብል አምራች ነው፤ ረጅም፣ ከሲታ፣ ደረቅ። ታናናሾቹ ሁሉ «ዳዳ» ይሉታል፤ ታላቅ ወንድም ማለታቸው ነው። በአምላካችን በሺርጉል ቤተ መቅደስ የሚቀመጠው ሎታ፣ ትንሿ የነሐስ ማሰሮ፣ በእሱ እጅ ነበረች። በእኛ በሲርሞር ተራሮች የምርጫ ድምፅ የሚታሰረው በእሷ ነው። ውኃ ይሞላባትና የየቤቱ አባወራ ጨው እየጣለ «ቃሌን ባጥፍ እንደዚህ ጨው ልሟሟ» ይላል። ያጠፈ ሰው መዘዙ ለልጆቹም ይተርፋል።

ኬሐር ሲንግ ምረጡኝ ብሎ ሲመጣ አፉ ቅቤ ነበር። መንገዱን እስከ ቤተ መቅደሱ ደጃፍ አመጣዋለሁ አለ። ላም አለኝ በሰማይ ማለት ይሄኔ ነበር፤ ግን ሚስቱን በቃሬዛ ያወረደ ሰው ላሟ ብትታየው አይፈረድበትም። አባወራዎቹ ተራ በተራ ጨው ጣሉ። «አምስቱ ዓመት እስኪያልቅ ድምፃችን የኬሐር ሲንግ ነው» አሉ።

«እሱስ? እሱም ይጣል እንጂ!» አለ ዳኒ ራም፣ የሞሂ ራም የአጎት ልጅ።

«እንግዳ አይማልም፤ ነውር ነው» ብሎ ሞሂ ራም ሎታዋን ከደናት። የዚህ ሰው ጥፋት ይህችው ናት፤ ለሌባ ጨዋ መሆኑ።

ኬሐር ሲንግ በፓርቲው ስም ተመርጦ ምክር ቤት ገባ። በጀት በሚጸድቅበት ቀን ፓርቲው አባሎቹን በሙሉ ተገኝታችሁ ድምፅ ስጡ ብሎ አዘዘ። የኛ ሰው የት ተገኘ? ታች ሜዳው ላይ፣ ዋና ገንዳ ያለው ሆቴል ውስጥ፣ በተቀናቃኙ ፓርቲ ግብዣ። ሕገ መንግሥቱ ደግሞ እንዲህ ያለውን አይምርም፤ በፓርቲው ስም ተመርጦ የፓርቲውን ትእዛዝ የጣሰ ወንበሩን ያጣል። አፈ ጉባኤው አባረረው። እኔ የዚያን ቀን ሻይ በነፃ አጠጣሁ። ሳምንታት አለፉና የማሟያ ምርጫ ተጠራ፤ ኬሐር ሲንግም የአዲሱን ፓርቲ ሻሽ አንገቱ ላይ ጠምጥሞ፣ ያንኑ መንገድ ተሸክሞ መጣ።

ባኖሪ ለሸንጎ ተቀመጠ። ሚስቴ የዚያ መንደር ልጅ ናትና እኔም እንደ አማች ከዳር ሆኜ ሰማሁ።

«ሕጉ ራሱ ጥሎታል፤ ጨዋችንም አብሮት ወድቋል» አለ ዳኒ ራም። «ወንበሩ የፓርቲው ነው እንጂ የሱ አይደለም ተብሏል።»

«ሕጉ ያሰረው እሱን ነው፤ እኔን ያሰረኝ አፌ ነው» አለ ሞሂ ራም። «ለሎታዋ የፓርቲ ስም ነገርካት እንዴ? የጠራነው የሰውየውን ስም ነው።»

«ከድቶን እኮ ነው ዳዳ!»

«ከድቷል። ፊቱን ባየው እተፋበታለሁ።»

«እና ልትመርጠው ነው?»

«እተፋበትና እመርጠዋለሁ።»

«ዳዳ፣ ብቻ ተሳስተህ የድምፅ መስጫው ማሽን ላይ እንዳትተፋ!» አለች አንዲት ሴት ከኋላ። ሸንጎው በሳቅ ፈረሰ። እሱ ግን አልሳቀም። ቃሉን ሊፈታ የሚችለው የተማለለት ሰው ብቻ ነው አለና በማግስቱ ኬሐር ሲንግን ፍለጋ ወረደ። እኔው ደጅ አገኘው።

«ጨዋችንን መልስልን። ለቅቄያችኋለሁ በለን» አለው።

ኬሐር ሲንግ አክባሪ መስሎ ጎንበስ አለና የሞሂ ራምን እግር ነካ። «ዳዳ፣ ወንበሬን ሕግ ነጠቀኝ። የእናንተን ጨው የሚነጥቀኝ ሕግ ግን የለም። ምን ሆኜ እለቃለሁ?» አለና ፈገግ አለ። እንደዚያን ቀን የፈላ ውኃ እጄ ላይ ሆኖ የፈተነኝ ጊዜ የለም።

ኬሐር ሲንግ ተሸነፈ። የባኖሪ ጣቢያ ሲነበብ ለእሱ የተሰጠው አንድ ድምፅ ብቻ ነበር። ማንም ሳይጠይቀው ሞሂ ራም «የኔ ናት» አለ።

መንደሩ ሁክካና ውኃ ዘጋበት፤ ሁክካ ተሰብስበን የምናጨሳት ጋያ ናት። አብሮት የሚያጨስ የለም፣ ከቤቱ ውኃ የሚጠጣ የለም፣ እሳት የሚያበድረው የለም። «አንድ ሆነን ስንቆም ከመሃላችን ወጣህ» አሉት። አፈ ጉባኤው ኬሐር ሲንግ ላይ የፈረደውን እነሱ ሞሂ ራም ላይ ፈረዱ፤ ቃሉን በጠበቀው ላይ! በሺርጉል ፊት ተሳሳትኩ ካለ ሊምሩት ነበር። «ምን አጥፍቼ?» ብሎ ዝንጅብሉን መቆፈር ቀጠለ።

የሚቀጥለው ምርጫ ሲደርስ ኬሐር ሲንግ ወደ ድሮው ፓርቲው ተመልሶ አሸነፈ። ባኖሪም መረጠው፤ በአዲስ ጨው። ሎታዋን የያዘው ዳኒ ራም ነበር። አሁንም እሱን ጨው ጣል ያለው ሰው አልነበረም። በሞሂ ራም ላይ የተዘጋው ግን እንደተዘጋ ቀረ።

በክረምቱ ዝናብ ሞሂ ራም ከእርከኑ ላይ ተንሸራትቶ ዳሌው ተሰበረ። እየተሳበ ቤቱ ገባ። ሲቃትት ጎረቤት ሰምቷል፤ ግድግዳ ለግድግዳ ነው የሚኖሩት። ወሬው ለእኔ ሲደርስ ልጁ ከከተማ ገስግሶ ደርሶ፣ በቅጥር ሸካሚዎች እያወረደው ነበር። እኔ ደጅ አግዳሚው ላይ አጋደሙትና መኪና ጠበቁ። ከንፈሩ ነጭ ሆኗል።

«ማን ነው የተሸከመኝ?» አለ።

«ሠራተኞች ናቸው አባ» አለ ልጁ።

«ከባኖሪ ማንም የለም?»

ልጁ አቀረቀረ። እኔ «ከኋላ እየመጡ ነው ዳዳ፤ ዝናቡ ይዟቸው ነው» አልኩት። አንገቱን ወደ ተራራው አዞረና ቀና ብሎ ቁልቁለቱን ሲያይ ቆየ። መኪናው ሲመጣም ፊቱ ወደዚያው እንደዞረ ነበር፤ ግን እስትንፋስ የለውም።

ያኔ መጡ። በሞተ ሰው ላይ የሚዘጋ ነገር የለምና ባኖሪ በሙሉ ወረደ። እየተሻሙ ተሸክመው ወንዙ ዳር አቃጠሉት። ኬሐር ሲንግም በመኪና መጥቶ የአበባ ጉንጉን አኖረ፤ «ሁሉም ሲተወኝ ያልተወኝ እሱ ብቻ ነው» ብሎ እንባውን ጠረገ። ከወንዙ ሲመለሱ እኔ ደጅ ዳኒ ራም ወንበር አቀረበለት፤ «ለጌታዬ ሻይ!» ብሎም ጮኸብኝ።

«ወተት አልቋል» አልኩ።

ዳኒ ራም በዓይኑ ገረመመኝና የራሱን ሁክካ አፉን በመዳፉ ጠርጎ ለኬሐር ሲንግ ሰጠው። ኬሐር ሲንግ ሳበና ለጎረቤቱ አቀበለ። ሁክካዋ ከአፍ ወደ አፍ እየዞረች ስለ መንገዱ ማውራት ጀመሩ።