ባለቤቱ እስኪፈቅድ

ባለፈው እሑድ ጣና ዳር ተቀምጬ ስልኬን ስነካካ፣ በልጅነቴ የምወደውን የጀልባ ጌም የሠራው ሰው ሙሉውን በነጻ መልቀቁን አነበብኩ። ላፕቶፔን ከፍቼ ማውረድ ጀመርኩ፤ ሻዬ ሳይቀዘቅዝ ወርዶ አለቀ። ስከፍተው ያ የቀዘፋ ድምፅ ተሰማኝ፤ ግሽ አባይ ሰፈር ያለው ቤታችን ከነቆርቆሮው መጣብኝ።

አባቴ ብራና ፍቀው፣ ቀለም በጥብጠው፣ ለጣና ገዳማት መጻሕፍት የሚገለብጡ ቁም ጸሐፊ ነበሩ። እናቴ ከመሥሪያ ቤቷ አሮጌ ኮምፒውተር በጨረታ ገዝታ ስታመጣ፣ የሰፈሩ ልጅ ያንን ጌም በፍላሽ ይቀባበለው ስለነበር እኔም ቀድቼው እየሮጥኩ ስገባ አባቴ በር ላይ አስቆሙኝ።

«ባለቤቱ ፈቅዷል?»

እንኳን ፈቃዱን፣ አገሩንም አላውቅ።

«እኔ ያበምኔቱን ቃል ሳልቀበል አንዲት ገጽ ገልብጨ አላውቅም። ይኸስ የሰው ድካም አይደል?»

ፍላሹን እያለቀስኩ መለስኩ። ከዚያ በኋላ ትምህርት ቤት ስንለቀቅ ኢንተርኔት ቤት እየገባሁ ንጹሕ መንገድ ፍለጋ ሆነ ሥራዬ። ለመግዛት የውጭ ካርድ ይጠይቃል፤ የእኛ ብር ደግሞ ባሕር አይሻገርም። «በነጻ» የሚሉት ገጾች ማን እንደፈቀደላቸው አይናገሩም። በመጨረሻ ሠሪው ራሱ መጀመሪያዋን ክፍል ለመሞከሪያ መልቀቁን አገኘሁ። መብራት እየሄደ እየመጣ ከሰዓቱን ሙሉ ስትወርድ ዋለች። ፈቃዱን ቃል በቃል ተርጉሜ ሳነብላቸው አባቴ መነጽራቸውን አውልቀው «እንግዲያ ይሁን» አሉ።

ጀልባዋ ከወደብ ተነሥታ፣ ማዕበሉን አልፋ፣ ዛፍ ወደሞላባት ደሴት ስትቃረብ ስክሪኑ ይጨልምና ቀሪውን ግዙ ይላል። ልቤ ቁርጥ ይል ነበር። ከእኔ ይልቅ ግን የባሰባቸው ከኋላዬ ቆመው የሚያዩት አባቴ ነበሩ፤ ከዛፎቹ ጀርባ ቤተ ክርስቲያን አለ ብለው ድርቅ አሉ።

«ደሴት ሁኖ ታቦት የሌለው ወዴት አየሽ?»

የለም ብዬ እከራከራለሁ። ክረምቱን ሙሉ ስንጨቃጨቅ ከረምን፤ ማብቂያው ሁልጊዜ «ባለቤቱ ሲፈቅድ እናየዋለን» ነበር።

እነሆ ፈቀደ። አባቴ ካረፉ ዓመታት አለፉ። ጀልባዋን ደሴቷ ላይ አስጠጋሁ፤ ከዛፎቹ ጀርባ አንድ ለመርከቦች የሚያበራ የመብራት ማማና ጥቂት ፍየሎች ብቻ አሉ። ክርክሩን ረታሁ። በሕይወቴ እንዲህ መረታትን የተመኘሁበት ቀን የለም።

ላፕቶፑን ልዘጋ እጄን ሰነዘርኩና ተውኩት። ምናልባት አላየሁት ይሆናል ብዬ ደሴቷን እንደገና መዞር ጀመርኩ።