አምፓሮ በሳጥኑ ላይ

ትሪኒዳድ ኦልቬራ ብርቱካን ለቃሚ ነበር የሚል ሰው ካጋጠማችሁ አትመኑት። መሰላል ላይ ወጥቶ አይቼው አላውቅም። ሥራው ሳጥን ላይ ሥዕል መለጠፍ ነበር። ሎማ አልታ ማሸጊያ ቤት ጓሮ ባለችው ጠባብ ክፍል ውስጥ ሃያ ሁለት ዓመት ብሩሹን ይዞ ቆመ። እኔ በአዳራሹ በኩል ብርቱካኑን በስስ ወረቀት እየጠቀለልኩ ሳጥን እሞላ ነበር። የበኩር ልጄን ክርስትና ያነሣልኝ እሱ ስለሆነ አበልጄ እለዋለሁ።

ያን ጊዜ እያንዳንዱ ማሸጊያ ቤት የራሱ ሥዕል ነበረው። ቺካጎና ኒውዮርክ ያለ ነጋዴ ብርቱካኑን ሳይሆን ሥዕሉን አይቶ ነው የሚገዛው። የእኛ አንደኛ ደረጃ ሰማያዊ መደብ ላይ ብርቱካን የምትዘረጋ ልጅ ነበረች። ሁለተኛው ደረጃ ቀይ ሆኖ አውራ ዶሮ አለበት።

ልጅቷ የትሪኒዳድና የኡላሊያ ልጅ አምፓሮ ናት። ከማተሚያ ቤቱ የተላከ ፎቶግራፍ አንሺ፣ ለአባቷ ምሳ ይዛ ስትመጣ አይቷት ዛፍ ሥር አቁሞ አነሣት። አንዱን እልክላችኋለሁ ብሎ ሄደ፤ እስከ ዛሬ ይልካል። በዚያው የብርድ ወራት አምፓሮን የጉሮሮ በሽታ በአራት ቀን ውስጥ ወሰዳት። ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። ሥዕሉ ታትሞ የደረሰው ከተቀበረች ከሁለት ወር በኋላ ነው። በሽታው ተላላፊ ነው ተብሎ በዚያው ቀን ስለተቀበረች የሬሳ እንኳ ሌላ ፎቶግራፍ አልነበራትም። እኔ ወደ ሰፈሩ ያገባሁት ከዚያ ወዲህ ስለሆነ በሕይወቷ አላየኋትም።

ትሪኒዳድ ከመጀመሪያው ጥቅል አንዱን ወደ ቤት ቢወስድ ኡላሊያ ጮኸች። «አገር ምድሩ ልጄን እያየ ብርቱካን ይግመጥ፤ እኔ ደግሞ ግድግዳ ላይ ልስቀላት? ሁለተኛ እዚህ ቤት እንዳታስገባት!» ብላ አስማለችው። በድንግል ማርያም ስም ማለ። ሰፈራችን ውስጥ የሳጥን ዕቃ የሌለበት ቤት አልነበረም፤ መደርደሪያው ሳጥን፣ ወንበሩ ሳጥን፣ የሕፃኑ አልጋ ሳጥን። የትሪኒዳድ ቤት ሳጥኖች ግን ሁሉም ሥዕላቸው ተፍቆ ነጭ እንጨት ሆነው ነበር። ነገሩን ሳላውቅ አሾፍኩበት።

«አበልጄ፣ የሰው ወንበር አጊጦ ያንተ ምነው መላጣ ሆነ?»

«መላጣነት ነውር ነው እንዴ? ባልሽ ይስማሽ» አለኝና ሳቀ። ታሪኩን የነገረኝ ባሌ ነው፣ ማታ፣ እሱም ሳይስቅ።

ከዚያ ካርቶን መጣ። በአንድ ወቅት ብቻ እንጨቱም ሥዕሉም ቀረ። አለቃው የተረፈውን ጥቅል በር ላይ ከምሮ የፈለገ ይውሰድ አለ። ትሪኒዳድ በአጠገቡ አለፈ፤ እጁን አልሰደደም። «ምያለሁ» አለኝ። መሐላ ጥሩ ነው፣ ግን አንዳንዱ ሰው መሐላን እንደ እልኸኛ በቅሎ ነው የሚይዘው፤ ልጓሙን ከነከሰ አይለቅም። ለነገሩ እኔ ማን ነኝና ነው የምፈርደው? ሁለት ጥቅል ተሸክሜ ሄጄ ምድጃ አያያዝኩበት። አንድ የብርድ ወቅት ሙሉ ባቄላዬን በአምፓሮ ፊት ቀቀልኩ። እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ ወረቀቱ መልካም ይነድ ነበር።

በሦስተኛው ዓመት አንድ ጠዋት ኡላሊያን ደጄ ላይ ቆማ አገኘኋት። ትሪኒዳድ ከኋላዋ ነው።

«ፊቷ ጠፋኝ» አለችኝ። «ዐይኔን ስጨፍን ትመጣልኝ ነበር። አሁን ቀሚሷ ይመጣል፣ ሹሩባዋ ይመጣል፣ ፊቷ የለም። መሐላውን ፈትቼለታለሁ። ሥዕሉን አንቺ ወስደሽ ነበር አሉ፤ አንድ እንኳ የለሽም?»

ምን ልበላት? አቃጥዬዋለሁ አልኳት። አንገቷን ነቀነቀች እንጂ አልወቀሰችኝም። አለመውቀሷ ነው የበላኝ።

እኔና ትሪኒዳድ ፍለጋ ወጣን። ማሸጊያ ቤቱ ተቆልፏል። ዛፎቹን እኛ «ሐዘን» የምንለው በሽታ ከሥራቸው አድርቋቸው ተነቅለው፣ በቦታቸው ቤት ተደርድሯል። እሱ ባርኔጣውን በእጁ ይዞ በር ለበር አንኳኳ። ያልተቃጠለው ፀሐይ አንጥቶታል፣ ፀሐይ ያላነጣውን አይጥ በልቶታል። በአራተኛው ቀን ክሩዝ ቤሃራኖ የምትባል ሴት ጓሮ ገባን። ዶሮዋ የታቀፈችበት ሳጥን ቀይ ሥዕል አለው፤ ጥግ ላይ ተልጦ ግን ከሥሩ ሰማያዊ ይታያል።

ትሪኒዳድ ተንበረከከ። ሳጥኑ ውርጩ በመታን ዓመት የተለጠፈ ነው፤ ሳጥኖቹ ሰማያዊ ተለጥፎባቸው ካለቁ በኋላ ፍሬው ሁለተኛ ደረጃ ሆነና አለቃው በላዩ ላይ ቀዩን እንዲደርብ አዘዘው።

«እንቁላል ላይ ናት እኮ! ልታስነሣብኝ ነው?» አለች ክሩዝ።

«የእኔም ልጅ ከሥሯ ናት» አላት።

ክሩዝ ሌላ ቃል ሳትናገር ዶሮዋን ከነእንቁላሏ አነሣች።

ቤት ወስዶ ሥዕሉ ያለበትን የሳጥኑን ጣውላ ጠረጴዛ ላይ አጋደመው። ለብ ባለ ውሃ የራሰ ጨርቅ አለበሰውና በደነዘ ቢላ ከታች ጀመረ። ሙጫውን ከዱቄት የሚያፈላው ራሱ ነበር፤ የባቡር ሙቀትም በረዶም አያላቅቀውም እየተባለ ይመሰገንበታል። ቀሚሷ ወጣ። እጇና ብርቱካኑ ወጡ። ኡላሊያ ከኋላው ቆማ ትከሻውን ይዛለች። አንገቷ ጋ ሲደርስ ቀዩ ወረቀት እምቢ አለ። መሃሉ አየር እንዳይዝ ሁልጊዜ እዚያ ላይ ሙጫ ያበዛ ነበር። እርጥቡን ጨምሮ ሲስበው ሁለቱ ወረቀቶች አንድ ላይ መጡ፣ እጁ ውስጥም ሊጥ ሆኑ። አገጯ ብቻ ጣውላው ላይ ቀረ።



«በቃ ተወው» አለች ኡላሊያ፣ ቀስ ብላ። «አንተ ንገረኝ። አሥራ ሰባት ዓመት ስታያት ውለህ የምትገባ ሰው ነህ። ዐይኗ እንዴት ነበር?»



«ጠርዙን ነበር የማየው» አለ። «ለጣፊ መሃሉን ካየ ወረቀቱ ይጣመምበታል። አራቱን ማዕዘን ነው የማየው፣ ኡላሊያ። በቀን ስምንት መቶ ጊዜ ማዕዘን ማዕዘኑን። ደግሞስ... ፊቷን ባየው እጄ ይሠራልኝ ነበር?»

ከዚያ ጭንቅላቱን ጠረጴዛው ላይ ደፍቶ አለቀሰ። እኔ ብሆን እሰድበው ነበር። እሷ ግን ጀርባውን እያሻሸች ቆመች፣ ውሃው ከጠረጴዛው ወደ ወለሉ እየተንጠባጠበ።

በዓመቱ ትሪኒዳድ ሞተ። እኛ ሰፈር ሬሳው ፎቶግራፍ የሚነሣው ሕፃን ሲሞት ነው እንጂ የሽማግሌ ሬሳ አይነሣም። ኡላሊያ ግን ከከተማ ፎቶግራፍ አንሺ አስመጣች፤ ለቀስተኛው አጉረመረመ። ሰውየው ሻማውን፣ አበባውን፣ ቤተ ዘመዱን ሁሉ ለማስገባት ወደ ኋላ ወደ ኋላ ሲል እጁን ይዛ የሬሳ ሳጥኑ አጠገብ አመጣችው።

«ሰዉን ተወው። ፊቱን ብቻ» አለችው።

«እሜቴ፣ እንዲህ ቀርቤማ ጥሩ አይወጣም። ደግሞ ዐይኑ ተጨፍኗል።»

«አየሁት። ቶሎ በል፣ ሳይጠፋኝ።»