ለፊልም የተባለ አፉ

ናሆም የሚባለው ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ከአዲስ አበባ ከሚሴ ድረስ የመጣው ለተበደሉ ሴቶች ድምፅ ሊሆን ነው። እሱ እንደዚያ ነው ያለው። እኛ ሰፈር ድምፅ ያጣ ሰው አልነበረም፤ ጎረቤቴ ረቢአ ስትናገርማ ከመስጊዱ ማዶ ይሰማል። እሷ ያጣችው መሬት ነው።

ባሏ ሲሞት ወንድሙ እንድሪስ ቦርከና ወንዝ ዳር ያለውን የማሽላ ማሳዋን "የወንድሜ ነው" ብሎ አረሰው። ሽማግሌ ተቀመጠ። እኛ አገር ጠብ የሚያልቀው ተበዳይ ዱዓ ላይ "አፉ ብያለሁ" ብሎ ይቅር ሲል ነው። አፉ ተብሎ አሚን ከተባለበት በኋላ ነገሩን መልሶ ማንሳት ነውር ነው፤ የሚሰማህም የለ። ረቢአ ይህን አሳምራ ታውቃለች። ሦስት ዓመት ሙሉ ሽማግሌ በተቀመጠ ቁጥር "መጀመሪያ መሬቴ ይመለስ" እያለች ትነሳለች። እንድሪስም መመላለሱ ታክቶት ግማሹን ልስጣት ማለት ጀምሮ ነበር።

ናሆም የደረሰው ይኼኔ ነው። ረቢአ ሲከፋት ወደ ኦሮምኛ ስለምትገባ እኔን አስተርጓሚ አድርጎ ቀጠረኝ። አራት ቀን ቀረጻት። ስታለቅስ "ቆይ፣ ብርሃኑ ልክ አይደለም" ይላል፤ ምስኪን፣ እንባዋን ጠርጋ እንደገና ታለቅሳለች። ማሳውን ያየው አንዴ ብቻ ነው፤ እሱንም ከመኪና ሳይወርድ።

በመጨረሻው ቀን "ፊልሙ ተስፋ ይጎድለዋል" አለና ሽማግሌዎቹንና እንድሪስን ሰብስቦ፣ ጫት አስገዝቶ፣ ረቢአ አፉ እንድትል ጠየቀ።

"ለፊልሙ ብቻ ነው በላት" አለኝ።

ነገርኳት። ትክ ብላ አየችኝ።

"ሙህዲን፣ ማሎ፣ እስቲ ወላሂ በል። ይሄ ነገር ከታየ መሬቴ ይመለሳል?"

"ትልልቅ ሰዎች ያዩታል" አለ ናሆም፣ ካሜራውን እያስተካከለ።

እኔም ወላሂ ሳልል ይህንኑ ደገምኩላት። አበሉ ጥሩ ነበር። ከእሱ የምሻል ሰው ነኝ ብዬ አላውቅም።

"አፉ ብያለሁ" አለች።

ሽማግሌዎቹ እጃቸውን ዘርግተው ዱዓ አደረጉ። ናሆም ድምፁ አልገባም እያለ ሦስት ጊዜ አስባላት። ሦስቱንም ጊዜ አሚን ተባለ፤ እንድሪስ ከሁሉም በላይ ጮኸ።

በሳምንቱ ረቢአ ሽማግሌዎቹ ዘንድ ሄዳ "ያ እኮ ለፊልም ነበር" አለቻቸው።

"ልጄ፣ እኛ የፊልም ዱዓ አናውቅም" አሏት ትልቁ ሽማግሌ፣ ሼህ ጀይላን። አዝነውላታል። ግን ነገሩ አልቋል።

ፊልሙ አዲስ አበባ ተሸለመ። ናሆም መድረክ ላይ ስለ ፍትሕ ሲደሰኩር በስልኬ አየሁት፤ እኛ ወገባችን ላይ የምናገለድመውን ሽርጥ አንገቱ ላይ ጠምጥሞታል። አስጠላኝ።

ባለፈው ሳምንት ደወለልኝ። ረቢአ እንዴት ናት ሲል ለእንድሪስ በቀን ሥራ እያረመች መሆኗን ነገርኩት፤ እዚያው የገዛ ማሳዋ ላይ። "እዚያው ማሳዋ ላይ?" ብሎ ደግሞ ጠየቀኝ። ያፈረ መስሎኝ ነበር።

"ሙህዲን" አለኝ፣ "ነገ እደርሳለሁ። አረሙን እንዳትጨርሰው ብቻ ንገራት።"